ፍንድቅ፣ ዐሥራ ሦስተኛው ኮከብ

ኅዳር 4 ቀን 1973 ዓ.ም.

ከፋብሪካ ተመለስሁ። ጸጉሬ ጥጥ፣ ቅንድቤ ጥጥ... እማዬ "አሮጊት መስለሽ መጣሽ" ብላ ሳቀችብኝ። ሌላ አዲስ ነገር የለም።

አለ እንጂ! አምሐ። የማሽኖቻችን ኤሌክትሪክ ሠራተኛ፣ የጅማው ልጅ። ምሳ ሰዓት ላይ ሐይቁ ዳር ተቀምጠን፣ ከጣና ስር ሌላ ሰማይ አለ አለኝ። እዚያ ሰዎች ከኮከብ ወደ ኮከብ በታንኳ ይቀዝፋሉ፤ ጉማሬዎቹ ደመና ናቸው። ፍንድቅ የሚባል አንድ ኮከብ ደግሞ አለ። እሱ ሲወጣ እሳት ይረጥባል፣ ውሃ ይጠማዋል፣ የሰው ጥላ ከባለቤቱ ቀድሞ ቤት ይገባል። "የዋሸ ሰውስ?" አልሁት። "ስቅ ይለዋል።" "አንተን ግን ስቅ አላለህም።" "እንግዲያስ እውነት ነዋ፣ ሰገነት!" ከሣቄ ብዛት ዳቦዬ ሐይቅ ገባ።

ኅዳር 7፣ እሑድ

አምሐ ሽማግሌ ላከ! የክፍላችን አለቃ አቶ ዳኘው ከሁለት ሰዎች ጋር መጡ።

አባባ መሪጌታ ናቸው። በሰፈራችን የሚጋባ ሁሉ እሳቸው ዘንድ መጥቶ ኮከቡን ያስቆጥራል። የእኛን ሊተዉት ነው? የአምሐን ስም ከእናቱ፣ የእኔን ከእማዬ ጋር ቆጠሩ። እሱ አሰድ፣ እሳት። እኔ ሑት፣ ውሃ። "አይገጥምም። እሳትና ውሃ አንድ ጎጆ አይገቡም" አሉ። በቃ። ሽማግሌዎቹ አቀርቅረው ወጡ።

ጓዳ ገብቼ አለቀስሁ። ጥር ሲያልቅ አምሐ ወደ አዲስ አበባ ይዛወራል። ለእናቱ ልቅረብ ብሎ ራሱ ነው የጠየቀው፣ እኔን ሳያውቅ። እና ያለ እኔ ሊሄድ ነው?

ኅዳር 9

አምሐ አብዷል። "እኔ እኮ አሰድ አይደለሁም" አለኝ። "ታዲያ ምንድን ነህ?" "ፍንድቅ ነኝ። ዐሥራ ሦስተኛው ኮከብ። አቶ ዳኘው ሄደው ይናገሩልኝ።" ኧረ አባባ በመቋሚያቸው ነው የሚያባርሯቸው!

ኅዳር 14

አፌን በነጠላዬ አፍኜ ከበር ጀርባ ሰማሁ። አቶ ዳኘው ስብሰባ ላይ ሪፖርት እንደሚያቀርብ ሰው ጉሮሯቸውን ጠረጉና፣ "መሪጌታ፣ ልጃችን ከአሰድ የተቆጠረው በስሕተት ነው። ኮከቡ ፍንድቅ ነው" አሉ።

 

"በየት በኩል ይወጣል?" አሉ አባባ።

"ከ... ከሐይቁ ስር።"

"ባሕርዩስ? እሳት ነው፣ ውሃ፣ ነፋስ፣ ወይስ መሬት?"

አቶ ዳኘው ጣሪያ ጣሪያውን አዩ። "እንደ አየሩ ነው።"

"አጣርታችሁ ኑ።"

አጣርታችሁ ኑ! አላባረሯቸውም! ጮቤ ስረግጥ የእማዬን ማሰሮ ሰበርሁ።

ኅዳር 21

ጉድ በል ጎንደር! አባባ በየቀኑ ጥያቄ ይልካሉ። ኮከቡ ጾም ያውቃል? ሲጠልቅ ድምፅ አለው? አምሐ ማሽን ስር ተጋድሞ መልስ ይፈጥራል፣ አቶ ዳኘው ያደርሳሉ። "ረቡዕና ዓርብ ብርሃኑን ይጾማል።" "ሲጠልቅ እንደ ጉማሬ ያዛጋል።" የአባባ ተማሪዎች ዛሬ በፍንድቅ ላይ ቅኔ ሲቆጥሩ ሰማኋቸው!

የቀበሌያችን ሊቀ መንበርም ወሬው ደርሷቸው መንገድ ላይ አስቆሙኝ። "ለመሆኑ ኮከቡ ቀይ ነው?" "በጣም ቀይ ነው፣ ጓድ" አልሁ። ወዲያው ስቅ አለኝ። እናቴ ትሙት!

ታኅሣሥ 3

ጥያቄ ብቻ... እሺ የሚባል ነገር የለም። ጥር ደግሞ ደረሰ። "እየቀለዱብን ነው እንዴ?" አልኋት እማዬን። "አባትሽ ፈርተው ነው" አለች። ምኑን? አልነገረችኝም። ዛሬ ምንም አላሣቀኝም።

ታኅሣሥ 12፣ እሑድ

አምሐን ራሱን አስጠሩት። እኔም ጥግ ላይ ቆሜያለሁ።

"የነገርኸኝን ሁሉ ተቀብያለሁ" አሉ አባባ። "አንድ ነገር ቀረ። ከጣና ስር የሚወጣ ኮከብ ጣና በሌለበት አገር እንዴት ይታያል?"

 "አ... አይታይም፣ የኔታ።"

"እንግዲያስ የፍንድቅ ሰው ሐይቁን ለቅቆ መኖር አይችልም።"

ወይ የኔ አባት! በገዛ ኮከባችን አሰሩን!

ከዚያ ድምፃቸው ዝቅ አለ። "ታላቅ እህቷን ወለተ ሩፋኤልን አሰብ ለሚሠራ ሰው ዳርሁ። ኮከባቸው እንዴት ያለ ግጥም ነበር! ከሄደች ወዲህ ፊቷን አላየሁም። እሳትና ውሃውን ተወው፣ ልጄ። እኔ የፈራሁት የአዲስ አበባውን አውቶብስ ነው።"

አንጀቴን በሉት። እኔ እኮ ክፋት መስሎኝ ነበር። ግን አምሐስ? እናቱስ? ልለምነው አልቻልሁም።

አምሐ ቀና አለ። "እቀራለሁ" አለ። "እናቴን ግን ወደዚህ አመጣታለሁ።"

"ትምጣ እንጂ! ኮከቧን እንቆጥርላታለን!" አሉ አባባ።

ጥር 17፣ እሑድ

ተዳርሁ! ተዳርሁ! ተዳርሁ!

የካቲት 3

አምሐ ገና ሳይነጋ ቀሰቀሰኝ። "ተነሽ፣ እንሸኘው።" "ማንን?" "እኔን!"

አውቶብስ ተራ ሄድን። ሊሄድበት የነበረው አውቶብስ ሞልቶ ሊነሣ ነው። "በደህና ግቡ! ጻፉልን!" እያልን ለማናውቀው ሰው ሁሉ እጃችንን አውለበለብን። ተሳፋሪዎቹም ግራ እየገባቸው አውለበለቡልን። አንዲት ሴትዮማ አለቀሱ።

"ቆጨህ?" አልሁት። "ትንሽ" አለ። እጁን ጥብቅ አድርጌ ያዝሁት።

ዞር ብል አባባ! ከቤተ ክርስቲያን መልስ፣ ብቻቸውን፣ አጥሩ ጥግ ቆመዋል። አላዩንም። ያን የፈሩትን አውቶብስ ሊሸኙ ጭራቸውን ከራሳቸው በላይ አንሥተው ያውለበልባሉ። አውቶብሱ በመራዊ መንገድ ከዓይን እስኪጠፋ ድረስ አላቆሙም።