እንዳለውን ያለቀስኩበት ቀን

ፍኖተ ሰላም፣ ኅዳር 1994

ሠርኬ፣ እንደምን ሰነበትሽ? ፏፏቴ ያለበትን ካርድ የላክሁልሽ ሌላ ስላጣሁ ነው።

ትናንት፣ መድረኩን ትቼ ለገባሁበት ዘጋቢ ፊልም፣ ቡሬ አጠገብ እማማ ጥሩወርቅ የሚባሉ እናት አነጋገርን። ልጃቸው እንዳለው ከጦርነቱ አልተመለሰም። የመርዶውን ቀን እያለቀሱ ነግረውን ሲጨርሱ ድምፁ አልተቀዳም ተባለና «እማማ፣ ይድገሙልን» አልኳቸው።

«ሥራሽ ምንድን ነው፣ ልጄ?» አሉኝ።

«ቴአትር ነው፤ ሰው ፊት ቆሜ እስቃለሁ፣ አለቅሳለሁ።»

«አልቃሽ ነሻ! እንግዲያ አንቺ አልቅሽለት። ያን ጊዜ መርዶው በየቤቱ ገብቶ አልቃሾቹ ሁሉ የየራሳቸው ሐዘን ነበረባቸው፤ ለእንዳለው ሙሾ የሚያወርድለት አልተገኘም።»

ካሜራው እንዲጠፋ ለምኜ ተነሣሁ። መድረክ ላይ እንባ እንደማያስቸግረኝ ታውቂያለሽ። ትናንት ግን ዓይኔ ደረቀ። የማላውቀውን ሰው ምን ብዬ ላልቅሰው? «ሲሄድ ምን አለዎት?» ብዬ ጠየቅኳቸው።

«ጤፉን ዝናብ እንዳይመታብሽ ነው ያለኝ» አሉ።

«እንዳለው፣ ጤፉ ገብቷል!» ብዬ ስጮኽ እንባዬ ወረደ። እማማ ደረታቸውን እየመቱ ተቀበሉኝ፤ ጎረቤቱም ነጠላውን አዘቅዝቆ መጣ።

እኛ ጋ ቢሆን ይጨበጨባል፤ አንቺም ከመጋረጃው ጀርባ ሻይ ይዘሽ ትጠብቂኛለሽ። እዚህ ሁሉም ዓይኑን ጠርጎ ወደ ሥራው ተመለሰ። ባልደረቦቼ ቀረጻው ስላመለጣቸው አኩርፈውኛል፤ ዛሬ ምሳዬን ብቻዬን በላሁ።

ካርዱ ሞላ፤ የመብራት ክፍሉን መልካሙንና የልብስ ክፍሏን ማሚቱን ሳሚልኝ። እማማ ሲሸኙኝ «አገርሽስ ሰው አለሽ ወይ?» ብለውኝ ነበር። «ሠርክአዲስ አለችኝ» አልኳቸው።

ያምሮት