መቀስ ያልነካው ቀሚስ

ይድረስ ለእናት ዓለሜ፣

እንዴት ሰነበትሽልኝ እማዬ? ጉልበትሽስ እንዴት ነው፣ ደረጃ ለመውጣት እሺ አለሽ ወይስ አሁንም ግድግዳ ያስይዝሻል? ዓይንሽስ? እንቅልፍሽስ? ያ ሳልሽ ለቀቀሽ? ቅባቱንስ ሳትረሺ ትቀቢያለሽ ወይስ አልቆብሽ ዝም ብለሻል? የዝምታሽን ነገር ስለማውቀው ነው የምጠይቅሽ። እኔ ደህና ነኝ፤ ሥራም አላነሰኝም። ካንቺ መራቁን ብቻ እስከ ዛሬ አልለመድኩትም።

ስልኩ ላይ ስለማይሰማሽ፣ እኔም መንገድ ዳር ቆሜ «ኧረ ደህና ነኝ!» እያልኩ ስጮኽ አላፊ አግዳሚው ስለሚስቅብኝ፣ ለእኔና ላንቺ ደብዳቤው ይሻለናል። የምታነብልሽ ታናሼ ናት። አንቺ አንባቢዋ፣ እንደ ልማድሽ እየዘለልሽ እንዳታነቢ። ሆድ የሚያስብስሽ ቦታ ስትደርሺም አፍንጫሽን ጥረጊና ቀጥይ፤ እማዬን አታስጠብቂያት።

ቀሚሱ ደርሶኛል። ያ ጡሩምባ የምንለው የጎረቤታችን ልጅ የምሠራበት ስፌት ቤት በር ላይ መኪናውን አቆመና ሞተሩን እንኳ ሳያጠፋ በአንሶላ የተጠቀለለውን አቀበለኝ። ሹፌር ቸኩሎ መልእክት ሲያደርስ ታውቂው የለ። እናትሽ «እኔ መምጣት ካልቻልኩ እሱ አጠገቧ ይቁምልኝ» ብላለች አለኝ። ደግሞ መቀስ እንዳይነካው ብላለች አለኝ። ሌላም ነገር ነበረ ብሎ ራሱን አከከ፤ ከኋላው ያሉት ክላክስ ሲያበዙበት ግን ትቶኝ ሄደ።

እማዬ፣ እዚያው በር ላይ እንባዬ መጣ። ጉልበትሽ ለሠርጌ እንደማያደርስሽ ካወቅሁ ጀምሮ «ማን አጠገቤ ይቆማል?» እያልኩ ስብሰለሰል ነበር የከረምኩት። አያቴ የተዳረችበት፣ አንቺም የተዳርሽበት ቀሚስ አጠገቤ ሊቆም መጣ። ከዚህ በላይ ምን እፈልጋለሁ?

ግን ትከሻዬ የማን እንደሆነ ታውቂያለሽ። አባዬ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ቁም ሳጥን ብቻውን የሚሸከምበትን ትከሻ ለወንድሜ ማውረስ ሲገባው ለእኔ ነው የተወልኝ። ቀሚሱ ደረቴ ላይ ሲደርስ ቀጥ አለ። ወደ ታችም እምቢ፣ ወደ ላይም እምቢ። በካውያ የሚተኩሰው ባልደረባችን፣ እንፋሎት የምንለው፣ ከመጋረጃው ማዶ በሰላም ነው ወይ ይለኛል፤ እኔ ሁለት እጄ ወደ ሰማይ ቀርቶ፣ ፊቴ ተሸፍኖ፣ ምን ብዬ ልመልስለት? በመጨረሻ የስፌት ቤታችን ባለቤት እትዬ መጥተው ጎትተው አወጡኝ።

ጉድ እኮ ነው! ቀኑን ሙሉ የሰው ልብስ ሳሰፋና ሳጠብ እየዋልኩ፣ የራሴን ቀሚስ ማስፋት ተከለከልኩ። እውነቱን ልንገርሽ፣ ተቀየምኩሽ። ልጄ ምን ያህል እንደሆነች ጠፍቷት ነው? ለቀሚሱ ስትሳሳ ለእኔ አትሳሳም? አልኩ በሆዴ። ከዚያ እልህ ያዘኝና እራት ተውኩ። ቀሚሱ ካልሰፋ እኔ ልጥበብ ብዬ ነው። የቀጠነው ግን ፊቴ ብቻ ሆነ፤ ትከሻዬ ንቅንቅ አላለም። አማችሽ ሁኔታዬን አይቶ ጨነቀው። መብራት ሲዘረጋ ውሎ፣ አቧራውን ሳያራግፍ መጥቶ፣ ከመስኮቱ ላይ ካሉት የኪራይ ቀሚሶች አንዱን ምረጪና ይብቃሽ አለኝ። ክፋት አስቦ አይደለም፣ አንጀቱን ስለበላሁት ነው። እኔ ግን የኪራይ ቀሚስ አጠገቤ አይቆምልኝም ብዬ አለቀስኩበት።

ባለፈው ቅዳሜ እትዬ የእኔን ጭቅጭቅ ሰልችቷቸው ቀሚሱን መቁረጫ ጠረጴዛው ላይ ዘረጉት። ውስጡን አይተሽዋል ወይ አሉኝ። አላየሁም። ጎንና ጎኑ ወፈር እንዳለ በእጄ አውቄ ነበር፤ ድሮ የተጣፈ መስሎኝ፣ ከኩርፊያዬም የተነሳ፣ ተውኩት። እሳቸው መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው አዩኝና፣ «መቀስ አይንካው አለችሽ እንጂ ስፌቱን አትፍቺ አለችሽ?» ብለው መፍቻውን እጄ ላይ አኖሩት።

ገለበጥኩት። የአንገቱ ጥልፍ የአያቴ እጅ ነው። ክሩ በእጅ የተፈተለ ስለሆነ አንዱ ጋ ይወፍራል፣ አንዱ ጋ ይቀጥናል። ከውጭ ሲታይ ፀሐይ በልቶት እንደ ጡብ የደበዘዘው ቀለም፣ ከውስጥ አሁንም ቀይ ነው፤ ትናንት የተነከረ ይመስላል። ሥር እየቀቀለች ነበር ክሯን የምታቀልመው ስትዪኝ ተረት ይመስለኝ ነበር፤ ለካ እውነት ኖሯል። ከእጅጌው ላይ ደግሞ ያንቺ ጊዜ ይጀምራል። እሷ ጠባብ ያደረገችውን አንቺ አፉን ሰፊ አድርገሽዋል፤ ያኔ ፋሽኑ እንደዚያ ነበር መሰለኝ፣ በሠርግሽ ፎቶ ላይ እጅጌሽ ከሙሽራው ይበልጣል። ክሩም የሱቅ ነው፣ አብለጭላጭ አረንጓዴ። ጀርባው ላይ ዚፕ ገብቶ እንደወጣ ያስታውቃል፤ በቦታው ቁልፍ ተመልሷል። አያቴ ያንን ዚፕ ስታይ «ቀሚስ ነው ቦርሳ?» ሳትል አልቀረችም።

ይህን ሁሉ ያደረግሽበትን የመቀስ ምልክት ብፈልግ ብፈልግ አጣሁ። አያቴ እጅጌው ውስጥ ትርፍ ጨርቅ አጥፋ አስቀምጣልሽ ኖሯል፤ አንቺ እጥፋቱን ፈትተሽ ተጠቀምሽበት። እሷም እንዲህ ማጠፉን ካንዷ ትልቅ ሴት አይታ ይሆናል። ጨርቅ በእጅ ተፈትሎ፣ በእጅ ተሸምኖ በሚገኝበት ዘመን ማን ቆርጦ ይጥላል? እኔ እዚህ ቁርጥራጭ በየቀኑ በጆንያ ነው የማወጣው።

ከዚያ ጎኑ ላይ ደረስኩ። እዚህ ላይ ያለው ክር አዲስ ነው። ባለፈው ዓመት የላክሁልሽ ነጭ ክር ነው፤ ወዲያው አወቅሁት። ስፌቱም የደከመ ዓይን ስፌት ነው፣ አንዱ ይረዝማል፣ አንዱ ያጥራል፤ አንዳንዱም መንገድ ስቶ ተመልሷል። ቀስ ብዬ ስፈታው ከብብት እስከ ታች የሚደርስ ጨርቅ ታጥፎ ከውስጥ ወጣ። በሌላው ጎንም እንደዚያው። ጫፉ ላይ ቢጫ ጥለት አለው፤ ከቢጫው ቀጥሎም ሁለት ቀጫጭን ሰማያዊ መስመር።

ያንን ሰማያዊ በጨለማም አውቀዋለሁ እማዬ። ሸማኔው ቢጫ ክር አልቆበት በሰማያዊ የጨረሰው፣ አንቺም እንዲህ ያለ የማንም የለም ብለሽ የኮራሽበት ኩታሽ ነው። ገበያ ሰው ሲበዛ «ጫፉን ያዢ» ትዪኝ ነበር። የሰው ጉልበት ብቻ በሚታየኝ ቁመቴ ያንን ሰማያዊ ጨብጬ እከተልሻለሁ፤ ጠፍቼብሽ አላውቅም።

ቀሚሱን መቀስ አልነካውም። መቀስ የነካው ያንቺን ኩታ ነው።

ታናሼ እኮ በስልክ ነግራኝ ነበር። እማዬ በዚህ ብርድ በሹራብ ብቻ ነው የምትወጣው፣ ኩታዋን ስጠይቃት ታጥቦ አልደረቀም ትለኛለች ብላኝ ነበር። የትኛው ኩታ ነው ወር ሙሉ የማይደርቀው? እንዲህ አስቤ ጠረጴዛው ላይ ተደፍቼ ሳለቅስ እንፋሎት ካውያውን ትቶ ማን ሞተ እያለ መጣ፤ እትዬ ማንም አልሞተም፣ ሸሚዙን እንዳታቃጥለው ብለው መለሱት። ራሳቸውም ግን ዓይናቸውን በሜትሩ ጫፍ ይጠርጉ ነበር።

ጡሩምባን ሰኞ ሲመለስ ያዝኩት። ግንባሩን በእጁ መታ፤ ለካ ጎኑ ላይ ትርፍ አለው፣ ስፌቱን ብቻ ትፍታው ብለሽው ኖሯል። የእኔ እራት እንግዲህ በእሱ መርሳት ነው የቀረው! አንቺን ግን በከንቱ ተቀይሜሻለሁና አፉ በይኝ፤ አፈር ልሁንልሽ።

አሁን ልክክ ብሏል። ሁለት ጣት ያህል እንኳ ተርፎኛል። አልቆረጥኩትም፤ መልሼ ወደ ውስጥ አጥፌዋለሁ። ከእኔ የምትወለደዋ የአባዬን ትከሻ ይዛ ከመጣች ምን ይዋጣት?

ከዚህ ደብዳቤ ጋር ወፍራም ኩታ ልኬልሻለሁ። የዚያኛው ምትክ ነው አልልሽም፤ ምትክ የለውም። ብርድ እንዳይመታሽ ነው። ለደህና ቀን ብለሽ ሳጥን ውስጥ እንዳትቆልፊበት፣ ነገ ዛሬ ሳትዪ ልበሺው። ለጡሩምባም በቃል ምንም አላልኩትም፣ ሁሉንም ጽፌዋለሁ።

ወንድሜን ትከሻውን ስለወሰድኩበት ይቅርታ በይልኝ፤ ያንን የሚንጫጫ በር ዘይት ያድርግበት። አክስቴን ጉልበቷን ሳሚልኝ፣ ወገብሽ እንዴት ነው ብላለች በያት። ደረጃውን ክንድሽን ይዛ የምታወርድሽን ጎረቤታችንን እኔ እንደ እናቴ ነው የማያት በያት። አማችሽ ጫማሽን ስሞ ሰላም ይልሻል። አንባቢዋ፣ አንቺንም እስምሻለሁ፤ ሁለተኛ ኩታ ወር ሙሉ አልደረቀም ስትባዪ ሄደሽ ገመዱን እዪ።

እሑድ አዳራሹ ሰው ይበዛበታል፣ ግማሹንም አላውቀውም። እኔ ግን አልፈራም እማዬ። እጄን ወደ ጎኔ ሳወርድ ሰማያዊው እዚያው ነው። ጫፉን ይዤ እገባለሁ።

ትከሻ ሰፊዋ ልጅሽ

ከስፌት ቤቱ፣ መስኮቱ ሥር ካለው ወንበሬ
ሐሙስ ከምሳ በኋላ፣ በሠርጌ ሳምንት