«ላዘጋጅልዎ?» ብሎ ፍላሼን ባዶ ላስቀረው ድርጅት

ለተከበሩ የጌም ማጫወቻው አምራች ድርጅት የደንበኞች አገልግሎት ኃላፊ፦

ይህ ደብዳቤ ሲደርስዎ እርስዎም፣ መላው ቤተሰብዎም፣ በስልክ መስመርዎ ላይ ሳይታክት የሚያዜምልን ሙዚቃም በሙሉ ጤንነት እንደምትገኙ ተስፋ አደርጋለሁ።

ልብስ ሰፊዋ ባለቤቴ ስትሮክ መትቷት ቀኝ እጇ አልታዘዝ ሲላት፣ ሐኪሟ ጣቶቿን እንድታፍታታ ጌም መጫወት መከራት። እሷም በእርስዎ ማጫወቻ፣ በአንድ ጣት ብቻ ጀምራ፣ ድልድይና መናፈሻ ያለው አንድ ሙሉ ከተማ ገነባች። ከዚያ ማጫወቻው በየመሀሉ ድርግም ይል ጀመር። የወሰድንለት ጠጋኝ ውስጡ ያለው ሁሉ መደምሰስ እንዳለበት፣ ከዚያ በፊት ግን ጌሙን ፍላሽ ላይ ብንገለብጠው እንደሚሻል ነገረን። ቅሬታዬ የሚጀምረው እዚህ ላይ ነው።

አንደኛ፣ ፍላሹን ስሰካው ማጫወቻዎ «ለአገልግሎት ላዘጋጅልዎ?» ሲል በትሕትና ጠየቀኝ። እንዲህ ያለ ጨዋ ዕቃ እምቢ አይባልም ብዬ ፈቀድኩ። «ማዘጋጀት» ማለት ባዶ ማድረግ መሆኑን የተረዳሁት፣ ፍላሹ ላይ የነበረው የባለቤቴ እህት የሰርግ ቪዲዮ ከነሙሽሮቹ፣ ከነሚዜዎቹ ድራሹ ከጠፋ በኋላ ነው። ስለ ቋንቋ ትምህርቱ ከልብ አመሰግናለሁ። የባለቤቴ እህት ግን ምስጋናዬን አትጋራም፤ ሰላምታዬንም መቀበል ትታለች።

ሁለተኛ፣ ፍላሹ ተዘጋጅቶ ካበቃ በኋላ ማጫወቻዎ ይህን ጌም መገልበጥ እንደማይፈቀድ አበሰረኝ። አስቀድሞ ቢነግረኝ ኖሮ ጉጉቴን ያበላሽብኝ ስለነበር፣ ይህንንም እንደ ውለታ ቆጥሬዋለሁ።

ሦስተኛ፣ ስልክ ያነሱልኝ ሠራተኛዎ የጠፋው «ጨዋታ ብቻ» መሆኑን ገልጸው አጽናንተውኛል።

ጠጋኙም ደመሰሰው። ባለቤቴ ከተማዋ የነበረበትን ባዶ ሜዳ አየችው። ከዚያ የማጫወቻውን መቆጣጠሪያ በሁለት እጇ ይዛ፣ «ያኛውን የሠራሁት በአንድ ጣት ነው። አሁን ሁሉም ይሠሩልኛል፤ ዞር በልልኝ» አለችኝ። ዞር አልኩ፤ ዓይኔ እንባ ማቅረሩን እንድታይብኝ አልፈለግሁም። ስለዚህኛው ድርጅትዎን ባለማመስገኔ ይቅርታ እየጠየቅሁ፣ ሥራው የእሷ ብቻ መሆኑን አስታውቃለሁ።

ምንም ቢሉኝ ከማይቀንስ አክብሮት ጋር፣
የልብስ ሰፊዋ ባል

ድኅረ ጽሑፍ፦ ባለቤቴ በአዲሱ ከተማዋ ለእርስዎም ባለ ብዙ ፎቅ የደንበኞች አገልግሎት ቢሮ ሠርታልዎታለች። ወደ እሱ የሚያደርስ መንገድ መርሳቷን ብነግራት፣ እንዳልረሳች ነግራኛለች።