ድምፄን የወሰደው ነፋስ

ወዳጄ፣

እዚህ በዓመት ለሦስት ጧት ብቻ የሚነፍስ ነፋስ አለ፤ አፋቸውን ከፍተው ያገኛቸውን ሁለት ሰዎች ድምፅ ያለዋውጣል። አገሬው እስኪያልፍ ከንፈሩን ገጥሞ በምልክት ይግባባል። የሆቴሉ እንግዳ ተቀባይ «ጋሼ፣ እባክዎ አፍዎን ይዝጉ» ብሎ በወረቀት ጽፎ ሰጠኝ። በዚህ ዕድሜዬ ማንን ነው አፍህን ዝጋ የሚለው? መስኮቱን በርግጄ ስድቤን ጀመርኩ፤ የጨረስኩት ግን በስድስት ዓመት ልጅ ድምፅ ነው።

የእኔ ጎርናና ድምፅ ፊት ለፊት መስኮት ላይ ታዛጋ ለነበረችው ለዳቦ ጋጋሪው ልጅ ደረሳት። ነገ በመጨረሻው ጧት አብራኝ አፏን ካልከፈተች እንዲሁ መቅረቴ ነው። ከሰዓት ሄጄ ብለምናት፣ በገዛ ድምፄ «አልመልስም፤ አሁን አባዬም ይታዘዘኛል» አለችኝ። እኔ በዚያው ድምፅ እቤቴ ሠላሳ ዓመት ስጮህ ማን ታዘዘኝ? በኋላ ራራችልኝና «እሺ፣ መጀመሪያ ግን የሰደብከውን የሆቴሉን ሰውዬ ይቅርታ ጠይቀው፣ አንተ» አለች።

ጠየቅሁት። አንጀቱን በላሁት መሰለኝ፣ ከረሜላ ሰጠኝ። ከረሜላው የቆየ ነው፤ ቢሆንም በላሁት።

ፖስትካርዱ ሞላ። ባለቤትህንና ልጆቹን ሰላም በልልኝ። ምናልባት ነገ ሳይሳካ ቀርቶ አንዲት ሕፃን ደውላ ብትቆጣህ፣ እኔ ነኝና ስልኩን እንዳትዘጋብኝ።