ከወረቀቱ በር ጀርባ ያለችው ሸማኔ

ውድ አባባ፣

ጨንቻ እህትዎ ቤት ከገቡ ሦስት ሳምንት ሆነዎት። ስልኬን ስለማያነሱ ይህን በወንድሜ በጌቱ እጅ ልኬዋለሁ። ይቅርታ ልትጠይቀኝ ነው ብለው ከሆነ የከፈቱት፣ መልሰው አጥፈው ያስቀምጡት።

ሽሮ ሜዳ የወጣቶች ማዕከል ያን ድምፅ የሌለው የድሮ የጃፓን ፊልም ሊያሳይ ሲል፣ ተራኪ እንድሆን ስለጠየቀኝ ደስ ብሎዎት ነበር። ጃፓኖችም በዘመኑ ከፊልሙ ጎን ቆሞ የሚተርክ ሰው ነበራቸው አልኩዎት። ቤት ስለማመድ ግን ተረቱን ሰሙት፤ ገበሬ ከሞት ያዳናት ነጭ ወፍ ሴት ሆና ታገባዋለች፣ ከወረቀት በር ጀርባ ተደብቃ የገዛ ላባዋን እየነቀለች ትሸምናለች። ፊትዎ ተለወጠ።

«ሸማኔው ባልየው ነው በያቸው» አሉኝ። «ጥላ ብቻ እኮ ነው የሚታየው። ማን ያውቃል?»

«እሷ ናት እኮ፣ አባባ።»

«ሴት ብታውቅ በወንድ ያልቅ። በቃ፣ እንዳልኩሽ አድርጊ።»

እሺ አልኩ። እሺ ማለት ለምጄ ነበራ! ጌቱ ሽመናውን ትቶ የዊንጌት ታክሲ መንዳት ከጀመረ ሁለት ዓመቱ ነው። እጅዎ መንቀጥቀጥ ሲጀምር ሽመና የወንድ ሥራ ነው ስለሚባል መጋረጃ ጋርደው መወርወሪያውን ያስያዙት እኔን ነው። ለገዢ ግን «ልጄ ጌቱ ማታ ማታ የሚሸምነው ነው» ይላሉ። ወገቤ እስኪቆረጥ የሠራሁትን ጥለት ሰው ሲያደንቅ፣ እኔ አጠገብዎ ተቀምጬ ጥጥ እፈትል ነበር። ያ ያቃጥለኝ ነበር፤ ዛሬም ያቃጥለኛል።

ፊልሙ የታየ ዕለት አዳራሹን የሞላው ሸማኔ ነው፤ እርስዎም መሃላቸው ነበሩ። ጥላዋ በሩ ላይ ሲታይ አፌን ከፈትኩ፤ ውሸቱ አልወጣ አለኝ። «የምትሸምነው እሷ ናት» አልኩ። «እኛም ቤት የምሸምነው እኔ ነኝ።»

ጎረቤታችን ጋሽ ሾዴ ከመቀመጫቸው ተነሡ። «የጌቱ እጅ ስንለው የከረምነው ያንቺ ነው እንዴ?»

«የኔ ነው።»

እርስዎ ኮፍያዎን አንሥተው ወጡ።

አዋረድሽኝ ይላሉ አሉ። አላዋረድኩዎትም። ፊልሙ ላይ ሴትየዋ ምስጢሯ ሲታወቅ በርራ ትሄዳለች። እኛ ቤት በርረው የሄዱት እርስዎ ነዎት፤ እኔ የትም አልሄድም።

ጋሽ ሾዴ «በኢየሩ እጅ ይሁን» ብለው የልጃቸውን የሰርግ ቀሚስ አዝዘውኛል። ጥለቱን ጀምሬዋለሁ። መጥተው ቢያርሙኝ ደስ ይለኛል፤ ባይመጡም አላቆምም። ማን አስተማረሽ ብሎ ለጠየቀኝ ሁሉ ግን ስምዎን እጠራለሁ፣ ቢቆጡም። ይህን ሙያ የሰጡኝ እርስዎ ነዎት፤ እርስዎ ሊክዱት ይችላሉ፣ እኔን ግን ሊያስክዱኝ አይችሉም።

ሸማኔዋ ልጅዎ፣
ኢየሩ