ለመቀስ የተሰጠው ከንቲባ

ውድ እታለም ካሲልዳ፣

ሜክሲኮ እንዴት ይዛሻለች? ጉልበትሽስ ተሻለሽ? የአንሴልሞ ሥራ፣ የልጆቹ ትምህርት እንዴት ነው? እኔ ጨጓራዬን ከሚያቃጥለኝ በቀር ደህና ነኝ፤ እሱም ከምግብ ሳይሆን ከሲኒማ የመጣ ነው። ይህን ደብዳቤ በፖስታ ያልላክሁት ሌላ ሰው ቀድሞሽ እንዳያነበው ብዬ ነው። የባለቤቴ የኦብዱሊያ ወንድም በመርከብ ስለሚመጣ በእጅሽ ያስረክብሻል።

ባለፈው «ለምን ደስ የሚል ነገር አትጽፍም?» ብለሽኝ ነበር። ኧረ በእመቤቴ! አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ በአሜሪካዊ ስም ተሸፍኜ የካውቦይ ልብወለድ ስቸከችክ፣ በየሳምንቱ አንድ ሽፍታ ስገድልና አንዲት ቆንጆ ስድር ምን ስሠራ ነበር? በራሴ ስም ያሳተምኩትን መጽሐፍ ያነበባችሁት አንቺና አራሚው ብቻ ናችሁ። ወደ ፊልም ድርሰት የዞርኩት አንዴ እንኳ የራሳችንን ነገር ልናገር ብዬ ነው።

እናታችን የጠየቀችኝ አንድ ነገር ብቻ ነበር። «ሳልሞት የአባትህን ስም ሰው ጮክ ብሎ ሲጠራው ልስማ፤ እኔ ከጠራሁት ሃያ ሁለተኛ ዓመቴን ያዝኩ» አለችኝ። ከዚያ ከተረገመው የጦርነቱ ነሐሴ ወዲህ፣ ዛሬ የሚገዙን ሰዎች ከበራችን ወስደው ከረሸኑት ወዲህ፣ በመንደራችን ስሙን ደፍሮ ያነሳ እንደሌለ ታውቂያለሽ። ስለዚህ በፊልሙ ውስጥ አንዲት ሴት በር ከፍታ «ኤላዲዮ!» ብላ ባሏን እንድትጣራ አደረግሁ። በቃ፣ ይኸው ነው።

እዚህ ማንኛችንም ድርሰታችንን ለሳንሱር ስንልክ መቀሱ የሚያርፍበት አንድ ብልግና ጨምረን ነው። እሱን ቆርጠው ሲረኩ ሌላው ያልፋል። እኔም ከንቲባው ከአንዲት መበለት ጋር ሲጨፍር ተያይዘው የአደባባዩ የውሃ ገንዳ ውስጥ ሲወድቁ፣ የሴትዮዋ ቀሚስ ገላዋ ላይ ሲጣበቅ ጻፍኩላቸው። ሳንሱሩ ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? ከንቲባውን ወደደው! ዳር ላይ «እጅግ አሳቀኝ» ብሎ ጻፈበት። የኤላዲዮን ግን በቀይ ሰርዞ «ይህ ባል የት ሄደ? ይብራራ ወይም ይውጣ» አለ።

ደሜ ፈላ። ቢሮው ድረስ ሄድኩ። ሰውዬው ሲጋራ ጋበዘኝና «ዶን ሳቱርኒኖ፣ ሴትዮዋ ባሌ ለሥራ አርጀንቲና ሄዷል ትበልና ላሳልፍልዎት» አለኝ። የፊልሙ ባለገንዘብ ዶን ሌአንድሮም ብሶ ቁጭ! «አርጀንቲና ምን አለባት? ቆንጆ አገር ናት እኮ!» ይለኛል። አባቴን ከጉድጓድ አውጥቼ አርጀንቲና ልላከው? እምቢ አልኩ። እነሱም ምስሉን ትተው ድምፁን ቆረጡት። ሴትዮዋ አፏን ትከፍታለች፣ ምንም አይሰማም። እርር ድብን አልኩ።

ያለፈው እሁድ ከሰዓት በኋላ ፊልሙ በመንደራችን ቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ታየ። እናታችን እንደ ሌላው ሰው ወንበሯን ተሸክማ መጥታ ፊት ተቀመጠች። ድምፁ መቆረጡን አልነገርኳትም፤ ምን እዋሻለሁ፣ ፈርቼ ነው። ያ ጉደኛ ከንቲባ ሲወድቅ ሰዉ በሳቅ አውካካ። ከዚያ ሴትዮዋ በሩን ከፈተች፣ ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ። ጸጥታ። እናታችን ጥቂት ጠብቃ ከወንበሯ ተነሳችና «ኤላዲዮ!» አለች። ካሲልዳ፣ እንዲህ ያለ ድምፅ እንዳላት አላውቅም ነበር። ከኋላዬ ጎረቤታችን ባሲሊሳ «ሲክስቶ!» ብላ በዚያው ነሐሴ የወሰዱትን የራሷን ባል ጠራች። ከጥግ ሌላዋ «ማሪያኖ!» አለች። በሩ ላይ የቆመው ፖሊስ ፊቱን ወደ ውጭ አዞረ፤ ቄሱም መብራት አብርተው አላስቆሙንም። ወዲያው ፊልሙ ላይ በሩ ተዘጋና ታሪኩ ቀጠለ።

አንሴልሞን እቀፊልኝ። ሉሲታን ሁለቱንም ጉንጮቿን ሳሚልኝ። ቶማሲን የካውቦይ መጽሐፍ ካነበበ ደራሲው አጎቱ መሆኑን እንዳትነግሪው። ኦብዱሊያን በጣም ናፍቀሻታል። እናታችንም ሰላም ትልሻለች፤ እኔን ግን ከእሁድ ጀምሮ አኩርፋኛለች። «በሩን ለምን ቶሎ አስዘጋኸው? ባሲሊሳ ባሏን ጠርታ ልጇን ሳትጠራ ቀረች» ትለኛለች።

ወንድምሽ ሳቱርኒኖ
ማድሪድ፣ ማርች 14 ቀን 1958