የጎደለችን አንድ ቤት

ይድረስ ለዘመዴ፤

እንዴት ከረምህ? ወገብህስ ተሻለህ? እንዳመመህ ከኖአም ነው የሰማሁ። እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ባሌ በለጠ እግሩ እያነከሰም ቢሆን ሥራውን አልተወም፤ እናቴም አለች፣ ጆሮዋ ብቻ ደከመ። ሰፈራችን ክርያት ሞሼም እንደምታውቃት ናት። ሕንጻውን አፍርሰን አዲስ እንሠራላችኋለን ይሉናል፤ እኛ ያንኑ አሮጌ ደረጃ እንወጣለን፣ እንወርዳለን።

ያልደወልሁልህ ድምፄ ስለማይታዘዘኝ ነው። ይህን የሚያደርስልህ ራሱ ልጅህ ኖአም ነው። አትስጋ፣ የአማርኛ ፊደል አያውቅም። የኔዋም ሊያት አታውቅም። አሁን በትከሻዬ ላይ አጎንብሳ አየችና፣ እማ ወረቀትሽን ጉንዳን ወረረው ብላ ሳቀችብኝ።

ነገሬ እንዲህ ነው። ልጆቻችን ሊጋቡ ነውና፣ ዓርብ ጠዋት ሽማግሌው አባ ጀምበሩ ዘራቸውን ሊቆጥሩ እኛ ቤት ይመጣሉ። በበለጠ በኩልና በኖአም እናት በኩል ተቆጥሮ የሚገናኝ ጠፋ። የቀረው ያንተና የኔ ወገን ነው። የኔን እናቴ ትናገራለች። ያንተን ግን አባትህ ካረፉ ወዲህ ካንተ በቀር የሚያውቅ የለም፤ አንተ ደግሞ አልመጣም ብለሃል አሉኝ። ልጅህ ለምን ቢልህ ተነሥተህ ወደ በረንዳ ወጣህ። እናቴ ያልተቆጠረ ሠርግ ላይ አልቆምም ብላለች። ሊያት ስትሰማ፣ ቤሰደር፣ እሺ በቃ፣ ቆጵሮስ ሄደን እንጋባለን፣ እዚያ ማንም የማንንም ቅድመ አያት አይጠይቅም ብላ አሾፈች። ከዚያ መታጠቢያ ቤት ገብታ፣ ውኃውን ከፍታ አለቀሰች።

እኔም መቀመጥ አቃተኝ። ያጠፍሁትን ልብስ መልሼ እዘረጋለሁ። ሽንኩርት ልከትፍ እነሣና ቢላዋውን ይዤ መስኮት ላይ እቆማለሁ።

ሁለቱ የተዋወቁ ወታደር ሳሉ አንድ ቦታ ተመድበው ነው። ሊያት ጎራል ነው ትላለች፣ ዕጣ ፈንታ ማለቷ ነው። ይኼ ዕጣ የምትሉት ከየት መጣ ብላ ጠየቀችኝ። እኔ የማውቀው የቅርጫውን ነው አልኋት። ሥጋው በየመደቡ ይቀመጣል፤ ሰው ሁሉ የየራሱን ስንጥር ይሰጣል፤ ጀርባውን ያዞረ ሰው ደግሞ ስንጥሩን በየመደቡ ላይ ይጥላል። ከዚያ ወዲያ ክርክር የለም፣ የደረሰህን ይዘህ መሄድ ነው። ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? መደቡን የመደበው ግን ሰው ነዋ! አለችኝ።

ያኔ ወደ እስራኤል ለመምጣት አዲስ አበባ ተራችንን ስንጠብቅ፣ አባቶቻችን ያንተንና የኔን ዘር ተቀምጠው ሲቆጥሩ፣ እኔ ከመጋረጃው ኋላ ነበርሁ። ሐረጋችን ስድስተኛው ቤት ላይ ተገናኘ። ሰባት ቤት ካልሞላ አይጋባምና ዘመዳሞች ናችሁ ተባልን። አንዲት ቤት ጎደለችን። ከዚያ ቀን ወዲህ ዘመዴ እልሃለሁ። ዕጣችሁ ነው አሉን፤ እኛም ስንጥራችንን አንሥተን በየፊናችን ሄድን። በለጠ ደግ ሰው ነው፣ ክፉ ቀን አላሳየኝም። ግን ዕጣ የሚሉት፣ ሰው መከራከር ሲደክመው ለነገሩ የሚያወጣለት ስም ይሆን እንዴ? እንጃ።

እስቲ ቁጠረው። እኛ ስድስት ከሆንን ልጆቻችን ሰባት ናቸው። ያቺ የጎደለችን ቤት እነሱ ሆኑ። የፈራኸው ቁጥሩን ከሆነ፣ አትፍራ። ሌላ ከሆነ የፈራኸው፣ እኔም ፈርቻለሁ፤ ዓርብ የቡናውን ትሪ የምታቀርብልህ ሊያት ናት።

ጻፊለት ያለኝ በለጠ ነው። እኔ ብጠራው አይመጣም፣ አንቺ ካልሽው ይመጣል አለኝ። ብርቱካን እየላጠ ነበር፣ ቀና ብሎም አላየኝ።

ዓርብ ና። ወገብህን ይማርልህ፣ መንገድህን ያቅናልህ። ያንተም የኔም የሆነ ልጅ ለማቀፍ ፈጣሪ ያብቃን።

ኖአም ምን አለችህ ካለህ፣ ሰላምታ ነው በለው።

ያችው ዘመድህ